የሁለተኛ ልጇን ስም ያላወቀችው እናት እና "የድሮ ወንድ"

ሰሞኑን አንድ ጓደኛዬ ቴሌግራም ላይ ቪዲዮ ላከልኝ፣ ጥሩር የለበሰ ፈረሰኛ ጭጋግ ውስጥ ይጋልባል፣ ከላዩ ላይ "ድሮ ወንድ ወንድ ነበር፣ ፈጣሪውን የሚፈራ፣ የማያለቅስ፣ ቤቱን የሚገዛ" ተብሎ ተጽፎበታል። ላይኩ ለጉድ ነው። እኔ ደግሞ ስለዛ ዘመን ማንበብ ስለምወድ ዝም ማለት አቃተኝ፣ ምክንያቱም የዛን ጊዜ የአውሮፓ መኳንንት፣ በተለይ የ9ኛው ክፍለ ዘመን የፍራንኮች (የዛሬዋን ፈረንሳይና አካባቢዋን የሚገዙት) መሳፍንት፣ ቪዲዮው ላይ ካለው ሰውዬ ጋር መንገድ ላይ ቢገናኙ የሚተዋወቁ አይመስለኝም።

ከማልቀሱ እንጀምር። የታላቁ የፍራንኮች ንጉሥ የሻርለማኝ ልጅ ንጉሠ ነገሥት ሉዊ የወንድሙ ልጅ ዓይን እንዲጠፋ አዞ ልጁ በዛው ስለሞተበት፣ በ822 እ.ኤ.አ. አቲኒ ላይ መኳንንቱ ሁሉ በተሰበሰቡበት ጥፋቱን ተናዘዘ። በ833 ደግሞ የገዛ ልጆቹ አምፀውበት ጦሩም ከድቶት፣ ሷሶን ከተማ ቅዱስ ሜዳር ገዳም ውስጥ መሬት ላይ ተደፍቶ እንባውን እያፈሰሰ ትጥቁን ፈትቶ መሠዊያው ላይ አስቀመጠ። ወንድ ልጅ ትጥቁን ሲፈታ ምን ማለት እንደሆነ ለኛ ማስረዳት አያስፈልግም መቼም። እንዲህ ዓይነት ንስሐ የገባ ሰው መሣሪያ አይነካም የሚል ደንብ ስለነበረ ሰይፉ ሲሄድ ዙፋኑም አብሮ ይሄዳል፣ ልጆቹም የፈለጉት ይሄንኑ ነበር። በዓመቱ ጳጳሳት መልሰው አስታጠቁት። እንባውና ሰይፉ አንድ ሰው ላይ ነበሩ፣ ማንም ሴት ሆነ አላለውም።

ከዛ ጄራልድ አለ፣ የደቡብ ፈረንሳይ ባለርስት፣ በ909 ገደማ የሞተ። ገድሉን የጻፈው የክሉኒ ገዳም አበምኔት ኦዶ ነው። ሳይመነኩስ፣ ሳያገባ፣ መሬቱንና ጭሰኞቹን እንደያዘ ቅዱስ የተባለ ሰው። ሰው እንዳይገድል ብሎ ወታደሮቹን ሰይፉን በጠፍጣፋው፣ ጦሩን በሰደፉ አዙረው እንዲዋጉ ያዛቸዋል፣ ጠላት ሊስቅባቸው የሚገባ ነገር ነው፣ ኦዶ ግን ያሸንፉ ነበር ይለናል። (እመኑት አትመኑት የናንተ ጉዳይ ነው።) በወጣትነቱ የአንድ ጭሰኛ ልጅ አይቶ ልቡ ይሸፍታል፣ ማታ እንደሚመጣ ለእናትየው ይልክባታል። ሌሊቱ ብርድ ነው፣ ቤቱ ገብቶ እሳቱ ዳር ሲቆም ልጅቷ ትመጣለች፣ ግን ለዓይኑ አስቀያሚ ሆና ትታየዋለች፣ አባቷ "ኧረ እሷው ናት" እስኪለው ድረስ አላመነም። የእግዜር ሥራ ነው ብሎ ፈረሱ ላይ ወጥቶ በዛ ውርጭ ሄደ፣ በኋላ ልጅቷ እንድትዳር አድርጎ ነፃነትና ትንሽ መሬት ሰጣት።

እኔ እዚህ ታሪክ ላይ የምቆመው ሌላ ቦታ ነው። ጌታው "ማታ እመጣለሁ" ሲል እናትየው እምቢ ማለት ትችል ነበር? ልጅቷን የጠየቃት አለ? ስሟ እንኳን አልተጻፈም። ገድሉ የሚተርከው የሱን ፈተና ነው፣ የልጅቷ ፍርሃት የማንም ርዕስ አልነበረም። የዛ ዘመን የመኳንንት ሥነ ምግባር በነሱ ልክ የተሰፋ ነው የምለውም ለዚህ ነው፣ ባለርስት አትሁን አይልህም፣ ጦርነት አትውጣ አይልህም፣ ራስህን ግዛ ነው የሚልህ፣ ራሱን መግዛት ያቃተው ጌታ ዕዳውን የሚከፍለው ግን ከሱ በታች ያለው ሰው ነው። ስለዚህ ቪዲዮ ሠሪዎቹ ዘመኑን ማጋነናቸው ብቻ አይደለም ያናደደኝ፣ ከባዱን ራስን የመግዛት ጣጣ ትተው ጥሩሩንና ፈረሱን ብቻ ነው የወሰዱት።

"ቤቱን የሚገዛ" ወደሚለው ስንመጣ ደግሞ የሴፕቲማኒያው (የደቡብ ፈረንሳይ ግዛት ናት) በርናርድ አለላችሁ። የሉዊ የቤተ መንግሥት ሹም ነበር፣ በ830 ከንግሥት ዮዲት ጋር (የኛዋ አይደለችም) አመንዝሯል ተብሎ ተከሰሰ፣ በ831 ከሳሽ ካለ በሰይፍ ይግጠመኝ አለ፣ የወጣለት ስላልነበረ ምሎ ነፃ ወጣ። ወንድሙ ሄሪበርት ግን በዚሁ ጣጣ ዓይኑ ጠፍቷል፣ መነኩሲት እህቱን ጌርበርጋን በ834 ጠንቋይ ናት ብለው በርሜል ውስጥ ከተው ወንዝ ጣሏት። በ841 የሉዊ ልጆች ፎንተኗ ላይ ሲጨራረሱ ጀግናው በርናርድ ከሩቅ ቆሞ ማን እንደሚያሸንፍ ጠበቀ፣ ከዛ 14 ዓመት የሆነውን ትልቁን ልጁን ዊልያምን ካሸነፉት ልጆች አንዱ ለሆነው ለንጉሥ መላጣው ቻርልስ ሰደደለት፣ እንደ መያዣ በሉት።

ሚስቱ ዱኦዳ በዚህ ሁሉ ጊዜ ደቡብ ፈረንሳይ ዩዜስ ከተማ ላይ የሱን ጉዳይ ታስፈጽማለች። በመጋቢት 841 ሁለተኛ ልጇን ወለደች፣ በርናርድ ልጁን ክርስትና ሳይነሳ አስወሰደባት፣ ስሙን ማን እንዳሉት እንኳን አታውቅም። በዛው ዓመት ኅዳር መጨረሻ ላይ ለዊልያም መጽሐፍ መጻፍ ጀመረች፣ የካቲት 843 ጨረሰች። ወንድ መሆንን የምታስተምረው እናትየው ናት ማለት ነው፣ የምታስተምረውም የትኛው የዳዊት መዝሙር ለየትኛው ችግር እንደሚደገም፣ ቁጣን በትዕግስት መያዝ፣ ለድሃ መስጠት፣ ለሞቱት ዘመዶች መጸለይ፣ ከዝሙት መራቅ ነው። ለንጉሡ ታመን ትለዋለች፣ ከንጉሡ በፊት ግን አባትህ።

ቻርልስ በ844 በርናርድን በክህደት አስገደለው። ዊልያም በንጉሡ ላይ ተነሳ፣ በ848 ባርሴሎናን ያዘ፣ በ850 ገደማ እሱንም ገደሉት፣ ገና 23 ዓመቱ ነበር። አባትህን አስቀድም ያለችውን ልጁ ቃል በቃል ሰምቷት ይሆን እላለሁ አንዳንዴ።

ደጋግሜ የማነበው ግን መጨረሻው አካባቢ ያለውን ነው። ባሏ ባለበት ቦታ እንዲጸና ብላ ብዙ ብር ተበድራ ነበር፣ ከክርስቲያንም ከአይሁድም፣ የቻለችውን ከፍላለች፣ ቀሪውን ሳልከፍል ብሞት አበዳሪዎቼን አፈላልገህ ክፈልልኝ ብላ ልጇን ትለምነዋለች።