ራስ ግንብ የራሶች ብቻ አይደለም

የፋሲል ግንብ ታድሶ መልኩ በነጣ ጊዜ ያልተናገረ አልነበረም። "ኖራው በዛ"፣ "የለም፣ የጥንት መልኩ ይኸው ነው" እየተባለ ፌስቡክ ላይ ሰነበተ። እኔ በክርክሩ አልተከፋሁም፤ ስለ ግንብ ልስን የሚጨቃጨቅ ሰው ግንቡን ቢወድ ነው። ከግቢው አጥር ወጣ ብሎ ስለቆመው ስለ ራስ ግንብ ያነሣ ሰው ግን አላጋጠመኝም።

ይህን ባለ ፎቅ ቤት የጎንደር ሰው ከራስ ሚካኤል ስሑል ስም ጋር ያያይዘዋል። አሠራሩ የነገሥታቱ ነው፤ ድንጋይ በኖራ። እኔን የሚያስገርመኝ ግን ከአሠራሩ ይልቅ የቆመበት ቦታ ነው። አፄ ፋሲል በ1624 ዓ.ም. ነግሠው ጎንደርን መናገሻ ሲያደርጉ ግንብ የንጉሥ ወግ ነበር። ከእሳቸው በኋላ የነገሡትም የየራሳቸውን ግንብ የጨመሩት እዚያው ግቢ ውስጥ ነው። ትውፊቱ እውነት ከሆነ፣ ከ130 ዓመት በኋላ አንድ ራስ ከአጥሩ ውጭ የንጉሥ የሚመስል ቤት ነበረው። በ1761 ዓ.ም. አፄ ኢዮአስን ያስገደሉት፣ ከዚያም ንጉሥ አንጋሽ የሆኑት እኚሁ ስሑል ናቸው። ዘመነ መሳፍንትን ማስረዳት የቸገረው መምህር ተማሪዎቹን ከፋሲል ግቢ አውጥቶ ወደ ራስ ግንብ ቢያሻግራቸው ይበቃዋል።

ቤቱ ከዚያም በኋላ ባለቤት አላጣም። ጎንደር ኅዳር 1934 ዓ.ም. ነፃ እስክትወጣ ጣሊያን ተገለገለበት፤ ቀጥሎ አፄ ኃይለ ሥላሴ ወደ ጎንደር ሲመጡ ያርፉበት ነበር። ደርግ ደግሞ እስር ቤት አደረገው፤ ሰው ተገረፈበት። የዚያን ጊዜ የጎንደር እናት በደርግ ስም ጎንደርን ለሚገዛው ለመላኩ ተፈራ ምን እንዳለች የማያውቅ የለም፦

መላኩ ተፈራ የእግዜር ታናሽ ወንድም፣
የዛሬን ማርልኝ ሁለተኛ አልወልድም።

ዛሬ ራስ ግንብ ሙዚየም ነው። "ቱሪስት የሚመጣው ንጉሥ ፍለጋ ነው፣ ቁስል ለምን ይነካል?" የሚል አይጠፋም። የቀይ ሽብር መታሰቢያ ሙዚየም አዲስ አበባ መስቀል አደባባይ አለ፣ እሱ አይበቃም ወይ የሚልም ይኖራል። አይበቃም። ጎንደሬው የታሰረው መስቀል አደባባይ አይደለም።

ስለዚህ የራስ ግንብ እድሳት በተነሣ ቁጥር ኖራ ከመቦካቱ በፊት ግድግዳው ይፈተሽ፤ እያንዳንዱ ክፍል በደርግ ጊዜ ለምን ይውል እንደነበር ይመዝገብ። በ1970 ዓ.ም. የሃያ ዓመት ወጣት ሆኖ እዚያ የገባ ሰው ዛሬ ሰባ ሊሞላው ነው። ደረጃውን መውጣት ሳያቅተው ይጠራ፣ የትኛው ክፍል ውስጥ እንደነበረም በእጁ ያሳይ።