ለውጡ እኮ ከአብዮቱ በፊት ነው የጀመረው
ጽሑፉ ደስ ይላል፣ እናመሰግናለን። ግን የፈረንሳይን ሥዕል የቀየረው የ1789ኙ (እ.ኤ.አ.) አብዮት ነው ያላችሁት ላይ አልስማማም። ሠዓሊው ዣክ ሉዊ ዳቪድ «የሆራቲዎች መሐላ» የተባለውን ሥዕሉን ፓሪስ ላይ ያሳየው በ1785 ነው፣ አብዮቱ ሊፈነዳ አራት ዓመት ሲቀረው። ያሠራውም የንጉሡ ቤተ መንግሥት ነው! ሦስት ወንድማማቾች አባታቸው ወደያዘው ሰይፍ እጃቸውን ዘርግተው ለሮም ሊሞቱ ሲምሉ፣ ሴቶቹ ጥግ ላይ ተቀምጠው ሲያዝኑ። እስቲ ይህን ከሠዓሊው ፍራጎናር የቀድሞ ሥራ ከ«ዥዋዥዌ» ጎን አድርጋችሁ እዩት። እዚያ ሮዝ ቀሚስ፣ ከእግር አምልጦ አየር ላይ የሚበር ጫማ፣ ቁጥቋጦ ውስጥ የተደበቀ ወዳጅ ነው ያለው። በሃያ ዓመት ገደማ ውስጥ እንዲህ መለወጡ እስካሁን ይገርመኛል።

በ1793 ዳቪድ የምክር ቤት አባል ሆኖ ንጉሡ እንዲገደል ድምፅ ሰጠ፤ በዚያው ዓመት ገላውን እየታጠበ የተገደለውን የአብዮቱን ጋዜጠኛ ማራን ሳለ። የፓሪሱ ቤተ መንግሥት ሉቭርም በነሐሴ ወር ሙዚየም ሆኖ ለሕዝብ ተከፈተ። የፍራጎናርን መጨረሻ ግን ለምን ዘለላችሁት? ሥዕሎቹን የሚገዙት መኳንንት ሲሰደዱና ሲገደሉ ገበያ አጣ። ከዚያ እዚያው ሙዚየም ውስጥ ሥራ እንዲያገኝ የረዳው ማን መሰላችሁ? ዳቪድ ነው። እኔን ከሁሉም በላይ የሚነካኝ ይሄ ነው።