ዳኛ ፊት የሚቆም ሰው ከየት ይምጣ?

ወገኖቼ፣ በምርጫ ማግስት ሰፈሩ በሙሉ «ድምፃችን ተሰረቀ» ይላል። አቤቱታ ያስገባ ሰው ሲፈለግ ግን አይገኝም። ቢገኝም ብዙ ጊዜ ባዶ እጁን ነው የሄደው። ጥፋቱን ሁሉ በዳኛው ላይ አትከምሩ፤ የእኛም ድርሻ አለበት።

የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን ቁጥር 33 ከሳሽ በነገሩ ላይ መብት ወይም ጥቅም ያለው ሰው እንዲሆን ይጠይቃል። የምርጫ ሕጉም፣ የ2011ዱ አዋጅ ቁጥር 1162፣ የየራሳችንን ቦታ ለይቷል። መራጩ ከምዝገባ ወይም ድምፅ ከመስጠት ከተከለከለ ራሱ አቤት ይላል። የቆጠራና የውጤት አቤቱታ ግን በዋናነት የተወዳዳሪውና የፓርቲው ነው። መነሻውም እዚያው ምርጫ ጣቢያው ያለው አቤቱታ ሰሚ ኮሚቴ ነው፤ ከዚያ ወደ ምርጫ ክልሉ፣ ወደ ብሔራዊ ምርጫ ቦርድ፣ በመጨረሻም ወደ ፍርድ ቤት ያመራል። ቀነ ገደቡ አጭር ነው፤ ተመካክረን እስክንነሳ አይጠብቀንም።

እንግዲህ የፓርቲ ወኪል ተብሎ ጣቢያው ውስጥ የተቀመጠውን ልጅ አስቡት። ከንጋት ጀምሮ ምሳ ያቀረበለት የለም። ቆጠራው ሲመሽ ይጀመራል፤ እሱ ደክሞታል፣ ታክሲም ሊያጣ ነው። የውጤት ቅጹ ሲዘረጋለት ቁጥሩን ሳያመሳክር ፈርሞ ይወጣል። ፓርቲው በሦስተኛው ቀን «ተጭበርብሯል» ብሎ ሲነሳ ያ ፊርማ ይቀርብበታል። እናንተ የፓርቲ አመራሮች፣ ስለዚህ ልጅ የምትጠየቁት እናንተ ናችሁ። ለመግለጫ የምትደክሙትን ያህል እሱን ለማሠልጠንና ለመተካት ደክማችሁ ቢሆን ዛሬ በእጃችሁ ማስረጃ ይኖር ነበር።

መራጩም ከወቀሳ አያመልጥም። ሳጥኑ ሲነካ በዓይኑ ያየ ሰው ምስክር ሁን ሲባል «ልጆች አሉኝ» ይላል። ፍርሃቱ እውነተኛ ነው፤ አልንቀውም። ነገር ግን ሁሉም ልጆች አሉት። አሥራ አምስት ሆናችሁ ብትቀርቡ አንዱን ለይቶ መጉዳት ይከብዳል።

ፍርድ ቤት መሄድ ከንቱ ነው የምትሉ፣ ግንቦት 2013ን አስታውሱ። የባልደራስ ፓርቲ መሪዎች እስር ቤት ሆነው በዕጩነት እንዳይመዘገቡ ሲከለከሉ ፓርቲው ነገሩን የመጨረሻውን የሕግ ስህተት እስከሚያርመው ሰበር ሰሚ ችሎት ገፋው። ችሎቱ ይመዝገቡ አለ፤ የፓርቲው መሪ እስክንድር ነጋም ተመዘገበ። መብቱ ያለው ወገን ፋይሉን ይዞ እስከ መጨረሻው ስለሄደ ነው።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝ የወረዳና የቀበሌ ምርጫ ነው። በ2005 ተካሄደ። በ2010 ሊደገም ሲገባው ተራዘመ፤ በ2011ም እንደገና ተራዘመ። የቦታ ጉዳያችን፣ የውሃ መስመራችን፣ መታወቂያችን የሚወሰነው እዚያ ሆኖ ሳለ ዝም አልን። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ማኅበር ስለ አባላቱ፣ ግለሰብም ተመሳሳይ ጥቅም ስላላቸው ሰዎች ይዞ እንዲቀርብ ፈቅዷል። ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን ላይቀበለው ይችላል፤ ከሞከርን ግን ምክንያቱን በጽሑፍ እናገኛለን። እድርና የነዋሪ ማኅበር ያላችሁ፣ በሚቀጥለው ስብሰባችሁ ይህን አጀንዳ አስይዙ፤ ጠበቃ የምታናግሩ ሦስት ሰዎችም ምረጡ።