ሳቫናህ ከእንፋሎት ይልቅ በሸራ ነው የተሻገረችው

ስለ ቀደምት የእንፋሎት መርከቦች የሚያወራ አንድ ጽሑፍ፣ ሳቫናህ የተባለችው የአሜሪካ መርከብ በ1819 (እ.ኤ.አ.) አትላንቲክን «ሙሉ በሙሉ በእንፋሎት» ተሻገረች ማለቱ መታረም አለበት። ከአሜሪካዋ ጆርጂያ ተነስታ ሊቨርፑል ለመድረስ 29 ቀን ገደማ ሲፈጅባት፣ ሞተሩ የሠራው በድምሩ 80 ሰዓት ያህል ብቻ ነው። የያዘችው የድንጋይ ከሰል ወደ 75 ቶን ነበር፤ አየርላንድ አጠገብ ስትደርስ አለቀባት። ተሳፋሪም ደፍሮ አልገባባትም።

በሞተር እየዞሩ ውሃውን የሚገፉት የጎን መቅዘፊያ ጎማዎቿ ግን ብልሃት ነበራቸው። በሸራ ስትሄድ ውሃው ውስጥ ከቆዩ ወደ ኋላ ይጎትቷታል፣ ማዕበልም ይሰብራቸዋል። ስለዚህ እንደ ማራገቢያ ታጥፈው ወደ መርከቡ ወለል ይወጡ ነበር።

ጽሑፉ ጨውንም ዘሎታል። የዘመኑ የመርከብ ቦይለሮች (እንፋሎት የሚመነጭባቸው ጋኖች) የሚያፈሉት የባሕር ውሃ ነበር። ጨዉ ግድግዳው ላይ ሲጋገር ሙቀቱ ወደ ውሃው አያልፍም፤ ብረቱ ከልክ በላይ ግሎ ይጎዳል። ይህ እንዳይሆን ጨው የበዛበትን ውሃ በየጊዜው ከሥር አፍስሶ በአዲስ መተካት ግድ ነው። የፈላ ውሃ መድፋት ደግሞ ያው ከሰል መድፋት ነው! በ1838 ኒውዮርክ የገባችው የእንፋሎት መርከብ ሲሪየስ እንፋሎቱን መልሶ ጨው አልባ ውሃ የሚያደርግ ኮንደንሰር የተገጠመላት ለዚህ ነው።