ኩሪሺማ ሱሚኮን ከፎቶግራፏ እንለያት

የኩሪሺማ ሱሚኮ ስም ሲነሣ አስቀድሞ የሚወራው ስለ ፎቶግራፎቿ ነው። በ1920ዎቹ (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ምስሏ በየሱቁ ይቸበቸብ ነበር፤ ከጃፓን የመጀመሪያዎቹ ሴት የፊልም ኮከቦች አንዷ መሆኗም እውነት ነው። ወሬው እዚያ ላይ ሲቆም ግን በመልኳ ብቻ የታወቀች ሴት ትሆንና ተዋናይነቷ ይረሳል፤ እኔ ይህን አልቀበልም።

ሴቶች በ1629 ካቡኪ ከተባለው የጃፓን ባህላዊ ቲያትር መድረክ ከታገዱ ወዲህ የሴት ገጸ ባሕርያትን የሚጫወቱት ኦናጋታ የሚባሉ ወንዶች ነበሩ፤ ሲኒማም ይህንኑ ልማድ ወረሰ። በ1919 ለእይታ የበቃው የካኤሪያማ ኖሪማሳ ፊልም ሃናያጊ ሃሩሚ የተባለች ሴት ተዋናይ ቢያሳትፍም፣ ትልቁ ኩባንያ ኒካትሱ እስከ 1922 ድረስ ከኦናጋታ አልተላቀቀም። በ1920 ፊልም መሥራት የጀመረው ሾቺኩ ግን በካማታ ስቱዲዮው ሴቶችን ያሠራ ነበርና፣ በ1902 የተወለደችውና በባህላዊ ውዝዋዜ ተኮትኩታ ያደገችው ኩሪሺማ በ1921 በሄንሪ ኮታኒ ፊልም መሪ ተዋናይት ሆና ብቅ አለች።

ሴቲቱ ወደ ሸራው ትግባ እንጂ፣ ፊልሞቹ ድምፅ አልባ ነበሩና ድምፅዋ አብሯት አልገባም። ከሸራው አጠገብ የሚቆመው ቤንሺ የተባለ ተራኪ፣ አብዛኛውን ጊዜ ወንድ፣ ንግግሯን በራሱ ቃላትና በራሱ ቃና ይናገርላት ነበር። እንግዲህ ተዋናይቷ የራሴ ብላ የምታዝዘው የአንገቷን ዘንበል ማለት፣ የእጇን አጣጣል፣ የትንፋሿን ልክ ብቻ ነበር፤ የውዝዋዜ ትምህርቷ ከመልኳ ይልቅ የጠቀማት እዚህ ላይ ይመስለኛል።

ከዚያ ዘመን የጃፓን ፊልሞች አብዛኞቹ ስለጠፉ፣ ማስረጃ አድርጌ የማቀርበው ናሩሴ ሚኪዮ በ1933 ያዘጋጀውን «የየሌሊቱ ሕልም» የተባለ ድምፅ አልባ ፊልም ነው። ኩሪሺማ የምትጫወታት ኦሚትሱ በወደብ መጠጥ ቤት እየሠራች ልጇን የምታሳድግ ሴት ናት። ጥሏት የሄደው ባሏ ይመለሳል፣ ሥራ ግን አያገኝም፤ ልጃቸው በመኪና ሲገጭ አባትየው ገንዘብ ይሰርቃል፤ በመጨረሻም ራሱን ያጠፋል። ኦሚትሱ የስንብት ደብዳቤውን አንብባ ፈሪነቱን ስትረግም፣ ሐዘኗና ቁጣዋ አንዱ ሌላውን ሳይሸፍነው በአንድ ፊት ላይ ይታያሉ። ይህ ፊልም ሲወደስ ምስጋናው ሁሉ ለናሩሴ መሰጠቱ ያሳዝነኛል፤ ያለ እሷ ያ ትዕይንት ደረቅ ጽሑፍ ሆኖ ይቀር ነበር።

በ1930ዎቹ መጨረሻ ሲኒማን ትታ የውዝዋዜ መምህርት ሆነች። ናሩሴ በ1956 «ፍሰት» ለተባለው ፊልሙ ሲጠራት ግን ተመልሳ፣ ከያማዳ ኢሱዙና ከታናካ ኪኑዮ ጋር ጌሻ በሚባሉ፣ እንግዶችን በዘፈንና በውዝዋዜ በሚያዝናኑ ሴቶች ሰፈር የምግብ ቤት ባለቤት ሆና ተጫወተች። ሚናዋ ትልቅ አይደለም፤ ሆኖም በገባችበት ክፍል ሁሉ፣ ስትቀመጥና ስትነሣ እንኳ፣ ዓይን እሷን ይከተላል።