ይድረስ በጎረቤቴ ቪትዝ ውስጥ ለሚኖሩት ክሪስታል

ጉዳዩ፦ እንቅልፌ እንዲመለስልኝ ስለመጠየቅ

ክቡር ሆይ፣

በቅድሚያ እንደምን አደሩ? እኔ በእርስዎ ምክንያት አላደርኩም። ትናንት ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ከሃያ ላይ እርስዎ ተናገሩ፣ የብሎካችን ሰው በሙሉ ሰማ።

ከዚህ በኋላ አንተ ብልህ አትቀየም። ስምንት ወር ሙሉ ሌሊት ሌሊት ከአልጋዬ ለሚያስነሳኝ ፍጡር አንቱታ ይከብደኛል።

ማንነትህን የነገረኝ የመኪና ኤሌክትሪሺያን ነው። እኔ እስከዚያ ቀን የምራገመው መኪናዋን ነበር። «መኪናዋ ምን አደረገች? ዳሽቦርዱ ሥር ሴንሰር አለ፤ ውስጡ ክሪስታል ነው» አለኝ። ንዝረት ሲነካህ ትንሽ ኤሌክትሪክ ታመነጫለህ። ያችን ኤሌክትሪክ የአላርሙ ሳጥን «ሌባ!» ብሎ ይተረጉማታል። በቃ፣ ሥራህ ይኸው ነው።

በልጅነቴ በሰማኋቸው ተረቶች ድምፅ የሚሰማ ዕንቁ ወግ ነበረው። ልዕልቷ ስታንጎራጉር ዋሻው ይበራል። ትክክለኛዋን ቃል የሚያውቅ ሲመጣ የድንጋዩ በር ይከፈታል። ሌላው ቢጮህ ቢያገሳ ንቅንቅ አይልም። አንተን ግን ለማስዘመር ልዕልት አያስፈልግም። ድመት ኮፈኑ ላይ ከዘለለች ይበቃል። ባጃጅ ካለፈ ይበቃል። ምድር ቤት ያሉት እትዬ ቡና ከወቀጡማ አለቀልን። የሐምሌን ነጎድጓድ ተወው፤ እሱስ እኔንም ያስደነግጠኛል። ግን አንድ እሑድ ግቢያችን ውስጥ ሰርግ ነበር። ዲጄው ቤዝ በጨመረ ቁጥር አንተ ገባህበት። ሙሽሮቹ ፎቶ ሲነሱ፣ ኬክ ሲቆረስ፣ ሽማግሌው ሲመርቁ አንተ አለህ። የሰርጉ ቪዲዮ ላይ ከሚዜዎቹ ይልቅ የምትሰማው አንተ ነህ።

ዘርህንም አጣርቻለሁ። የሚያሳፍር ቤተሰብ የለህም፤ ይሄ ነው የሚያናድደኝ። እ.ኤ.አ. በ1880 ዣክ እና ፒየር ኩሪ የተባሉ ወንድማማቾች ኳርትዝና ቱርማሊን የሚባሉ ክሪስታሎች ሲጫኑ ኤሌክትሪክ እንደሚሰጡ አሳዩ። ፒየር ያኔ ገና 21 ዓመቱ ነበር። ስኳር ሳይቀር ሞከሩ፣ ስኳርም ሆነላቸው። ስለዚህ ጠዋት ሻዬ ውስጥ የማማስለው ዘመድህ ነው ማለት ነው። እሱ ግን ዝም ብሎ ይሟሟል። በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ፈረንሳዊው የፊዚክስ ሊቅ ፖል ላንዥቨን ኳርትዝ ይዞ ባሕር ሥር የተደበቀ ሰርጓጅ መርከብ ፈለገበት። ሌላው ዘመድህ እጄ ላይ ያለው ሰዓት ውስጥ በሰከንድ 32,768 ጊዜ ይርገበገባል፤ ጎኔ ተኝቶ አንድ ቀን ቀስቅሶኝ አያውቅም። ሌላው የአልትራሳውንድ መሣሪያ ውስጥ ሆኖ ያልተወለደ ልጅ ያሳያል። የጋዝ ምድጃችን መለኮሻ ውስጥ ያለው እንኳ «ቀጭ» ይልና እሳቱን ሰጥቶ ዝም ይላል። እንዴት ያለ ጨዋ ነው!

ይባስ ብሎ ኤሌክትሪሺያኑ «አሁን አሁን ክሪስታል የሚባለው አብዛኛው ፋብሪካ ውስጥ የተጠበሰ ሴራሚክ ነው» አለኝ። ሸክላ በለኛ! ይህ ሁሉ ጉራ የጀበና ዘመድ ሆነህ ነው? ጀበና እንኳ ሲፈላ ነው የሚጮኸው።

ከእኛ በላይ፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ አንዲት የሁለት ዓመት ሕፃን አለች። ስድስቱንም ዜማህን በቅደም ተከተል ታወርዳለች። መጀመሪያ ዊዩ ዊዩ። ከዚያ ቲው ቲው ቲው። ከዚያ ያችን እየወጣች እየወጣች ሄዳ ድንገት የምትቆረጠውን። እናቷ «አባዬ በይ» ትላታለች። እሷ ጣቷን ወደ ፓርኪንጉ ቀስራ አራተኛውን ትቀጥላለች።

ባለቤትህ የሚተኛው አራተኛ ፎቅ በጓሮ በኩል ነው። አንተ በፊት ለፊት በኩል ነህ። ይህን አቀማመጥ ያሰበ ሰው እንቅልፍ ወዳድ መሆኑ ጥርጥር የለውም። ብዙ ከተጮኸ፣ ብዙ በር ከተንኳኳ በኋላ ጋቢውን ተከናንቦ ኮሪደሩ በረንዳ ላይ ብቅ ይላል። ሪሞቱን እንደ ቄስ መስቀል ወደ ታች ይዘረጋል። ትው ትው። ይገባል። ሁላችንም ትራሳችንን አገላብጠን እንተኛለን። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ የግቢው ጥበቃ ጋሼ ያስነጥሳሉ።

ኤሌክትሪሺያኑ የነገረኝ አንድ ነገር ደግሞ አለ። ጎንህ ላይ ትንሽ ብሎን አለች። በካቻቢቴ ሩብ ዙር መለስ ብትደረግ ጆሮህ ትንሽ ደንቆር ይላል። ሩብ ዙር! ገንዘብ የማይጠይቅ፣ ጋራዥ ማደር የማይጠይቅ። በደስታ እየሮጥኩ ሄጄ ለባለቤትህ ነገርኩት። «ጋራዥ ስገባ አሳያታለሁ» አለኝ። ይህ የፋሲካ ሰሞን ነው። ካቻቢቴ ላበድረው ብል «ኧረ ኤሌክትሪኩን እንዳናበላሸው» አለ። አሁን ፍልሰታ ገብቷል።

ወደ ባለፈው ማክሰኞ ልምጣ። ዝናቡ በጊዜ አባራ። ባጃጅም ድመትም የለ። ከስንት ጊዜ በኋላ እስከ ንጋት ለጥ ብዬ ተኛሁ፤ ሕልም ሁሉ አየሁ። ጠዋት ስወርድ ፓርኪንጉ ላይ ሰው ከብቦ ቆሟል። የቪትዟ ስፖኪዮ ሁለቱም የሉም። ጭረት እንኳ የለም። ሌባው ሲነቅላቸው እንደ አራስ ልጅ ነው የዳሰሳት። ለካ አንተ ቀስ ብሎ ለመጣ ሰው ምንም የለህም። ጋሼ «ዛሬ ሌሊት ደህና ጸጥታ ነበር» ብለው መሬት መሬት ያያሉ።

ባለቤትህ ወረደ። የግራውን ቦታ አየ። ዞሮ የቀኙን አየ። ጥቂት ዝም አለና ጎማውን በእርግጫ አለው።

ያኔ ጮህክ። ከአንደኛው እስከ ስድስተኛው፣ ሳትዘል። ሦስተኛ ፎቅ በረንዳ ላይ ደግሞ ሕፃኗ እያጨበጨበች ተቀበለችህ።

ከሰላምታ ጋር፣
ሁለተኛ ፎቅ፣ በፓርኪንጉ በኩል

ግልባጭ፦ ጎንህ ላይ ላለችው ብሎን