ማስረጃውን አምጡ፣ ብዕሩን ተዉት

ሰሞኑን በድሬዳዋ አንድ መሥሪያ ቤት የሕዝብ ግንኙነት ሠራተኞቹ የራሱንም የከተማዋንም የዊኪፔዲያ ገጽ «እንዲያስተካክሉ» ማዘዙ ተሰምቷል። ምክንያቱ «ስለ እኛ ከእኛ በላይ ማን ያውቃል?» ነው። ይህ ክርክር አንድ እርምጃ አያስኬድም። ዊኪፔዲያ የሚጠይቀው አንባቢ ራሱ የሚያረጋግጠውን፣ ከባለጉዳዩ ነጻ የሆነ ምንጭ ነው። የምታውቁ ከሆነ ምንጩን አቅርቡ።

የሚያስፈራው ደግሞ ከሚጽፉት ይልቅ የሚቆርጡት ነው። በ1998 ዓ.ም. ክረምት በከተማዋ የሚያልፈው የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ ከ200 በላይ ሰው ፈጅቷል። ደመወዝተኛ «ገጽታ ያበላሻል» ብሎ መጀመሪያ የሚነካው በከተማዋ ገጽ ይህን የሚናገረውን አንቀጽ ነው፤ አለቃው ባያዘው እንኳ ደመወዙ እጁን ይመራዋል። በቦታው «ግንባር ቀደም»፣ «ዘመናዊ» ይገባል። በሐረር የጀጎል ገጽ ላይ የእንግዳ ማረፊያውን ስም የሚሰካም ከዚህ አይለይም። ከብሮሹር ተገልብጦ የተለጠፈው በቅጂ መብት ይሰረዛል፤ በመሥሪያ ቤት ስም የተከፈተ የጋራ አካውንት ይታገዳል። የተቆረጠውም አይጠፋም፤ በለውጦች ታሪክ ውስጥ ከነሰዓቱ ተቀምጦ ማንም ይመልሰዋል። እ.ኤ.አ. በ2007 ዊኪስካነር የተባለ መሣሪያ ከድርጅትና ከመንግሥት ኮምፒውተሮች በስውር የተደረጉ ለውጦችን በአይፒ አድራሻ፣ ማለትም በኮምፒውተሮቹ የኢንተርኔት መለያ ቁጥር፣ አጋልጧል። እ.ኤ.አ. በ2015 በእንግሊዝኛው ዊኪፔዲያ ክፍያቸውን ደብቀው ይጽፉ የነበሩ 381 አካውንቶች ታግደዋል። የእኛዎቹ ከእነዚያ በምን ይሻላሉ?

ደንቡ የታወቀ ነው። ከ2014 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ዊኪፔዲያን የሚያስተዳድረው የዊኪሚዲያ ድርጅት የአጠቃቀም ውል ተከፍሎት የሚጽፍ ሰው አሠሪውን፣ ደንበኛውንና ያለውን ግንኙነት እንዲያስታውቅ ያስገድዳል፤ በራሱ የተጠቃሚ ገጽ፣ ከጽሑፉ ጋር በተያያዘው የውይይት ገጽ ወይም ለውጡን ሲያስቀምጥ በሚጽፈው አጭር ማጠቃለያ። ደመወዝም ክፍያ ነው። ከዚያ ጽሑፉን ሳይነካ በውይይት ገጹ ላይ ይጠይቅ፤ የቱ ዓረፍተ ነገር፣ በየትኛው ቃል ይተካ፣ ምንጩ የት ታተመ፣ ገጹ ስንት ነው። «ገጹ ተሳስቷልና አርሙልን» ብቻ ብሎ የሚጽፍ መልስ አያገኝም፤ አራሚው ምን እንደሚያይ አያውቅምና። የፊደል ግድፈት ማረም ወይም ግልጽ ስድብ ማንሳት ይፈቀዳል፤ እሺ። ከዚያ አልፎ ግን «በአማርኛው አራሚ ጥቂት ስለሆነ መልስ ይዘገያል» የሚለው ሰበብ አይሠራም። አራሚ ባነሰ ቁጥር የተቆረጠውን የሚያይ ዓይንም ያንሳል።

መሥሪያ ቤቱ ትእዛዙን ያንሳ። ሠራተኞቹም እስካሁን የነኩት ካለ፣ የቱን ገጽ በማን ትእዛዝ እንደነኩ ዛሬውኑ በየውይይት ገጹ ይጻፉ።